የልብ ምት የማን አማና ነው?



ይህን ጽሑፍ የምጽፍላችሁ እኔ በሚዛን ተፈሪ ከተማ ከሃያ ዓመት በላይ ቡና በመሰብሰብ ሥራ የኖርኩ ነጋዴ ነኝ። ዓሊም አይደለሁም፤ ስፖርተኛም ሆኜ አላውቅም። ስለ ሚዛን ግን ጥቂት የማውቀው አለኝ። «የከተማህም ስም ሚዛን፣ ሥራህም ሚዛን» እያሉ የሚቀልዱብኝ ደንበኞች አሉ። ቡና በሚደርስበት ወቅት ከገጠር ቀበሌዎች በፈረስም በሰው ትከሻም የሚመጣውን እሸትና ጀንፈል እቀበላለሁ። ገበሬው ዛሬም በፈረሱላ ያስባል፤ አንድ ፈረሱላ 17 ኪሎ ነው። ብረቱ በኪሎ ይናገራል፣ ገበሬው በፈረሱላ ያሰላል፣ እኔ በብር እከፍላለሁ። በእነዚህ ሦስቱ መካከል ነው እንግዲህ ሰው የሚሳሳተውም የሚያጭበረብረውም።

ብረቱ ሲዋሽ ያየሁት ጥቂት ጊዜ ነው። ጀንፈሉ ሳይደርቅ ከመጣ ውሃው አብሮ ይመዘናል፤ ከጆንያው ሥር ድንጋይ የሚያስቀምጥም አለ፤ በመዛኙ በኩል ደግሞ አውራ ጣቱን ከመድረኩ ላይ ጣል የሚያደርግ አይጠፋም። በሱረቱል ሙጦፊፊን መግቢያ ላይ ለራሳቸው ሲሆን ሞልተው የሚቀበሉ፣ ለሌላው ሲሆን ግን የሚያጎድሉ ሰዎች የተወቀሱበትን ቃል ልጅ ሆኜ ነው የቀራሁት። ያን ጊዜ ስለ ነጋዴ ብቻ የተነገረ ይመስለኝ ነበር። አንድ የእጅ ሰዓት ቤቴ ከገባ ወዲህ ግን ሌላም ነገር እንዳለበት ማሰብ ጀምሬአለሁ። ዛሬ የማወጋችሁም ስለዚሁ ሰዓት ነው።

ሰዓቱን የላከው አሜሪካ የሚኖረው ታናሽ ወንድሜ ነው፤ የላከውም ለልጄ ነው። ልጄ አሥራ ስድስት ዓመቷ ነው፤ በትምህርት ቤቷ ሩጫ ትወዳደራለች። ከሱብሒ ሶላት በኋላ ሻሿን ጠበቅ አድርጋ ታስርና ከሚዛን ወደ አማን በሚወስደው መንገድ ትሮጣለች። ሁለቱ ከተሞች ሚዛን አማን በሚል ስም አንድ ከሆኑ ቆይተዋል፤ ለእሷ ግን አንደኛው መነሻ፣ ሌላው መድረሻ ናቸው። ከሕዳር ወዲህ ጭቃው ሲቀንስ ደግሞ በቡናው ጥላ ሥር ባለው የእግር መንገድ ትሄዳለች።

አገራችን የሯጭ አገር አይደለም ይባላል፤ ነገሩ ከመሬቱ ከፍታ ጋር የተያያዘ ነው። ደራርቱ፣ ቀነኒሳና ጥሩነሽ የወጡባት በቆጂ ከባሕር ወለል በላይ ወደ 2,800 ሜትር ከፍታ ላይ ናት። ሚዛን ተፈሪ ወደ 1,450 ሜትር ገደማ ነው፤ ቴፒ ከዚያም ዝቅ ይላል። ደጋ ላይ አየሩ ስስ ስለሆነ ሰውነት ብዙ ቀይ የደም ሴል ያመርታል፤ ሯጩን የሚጠቅመውም እሱ ነው። እኛ ዘንድ ግን አየሩ ወፍራም፣ እርጥበቱ ከባድ፣ ዝናቡ ረዥም ነው። ለቡና የተመቸ ነው፤ ለወባም እንዲሁ። በበበቃ ወደ አሥር ሺህ ሄክታር በሚደርስ መሬት ላይ የተንሰራፋው የቡና ልማት የዚህ አየር ውጤት ነው። ልጄ እንግዲህ የምትሮጠው በዚህ አየር ውስጥ ነው፤ ሰዓቱን የሠሩት ሰዎች ደግሞ ይህን አየር አያውቁትም።

ሰዓቱ እንዴት እንደሚሠራ ወንድሜ በስልክ አስረድቶኛል፤ እኔም ጠይቄ ጠይቄ ነው የገባኝ። ከሥሩ አረንጓዴ ብርሃን ያበራል። ደም አረንጓዴ ብርሃንን ይውጣል፤ ልብ በመታች ቁጥር በእጅ አንጓ ውስጥ ያለው ደም ይጨምራል፣ ወደ ሰዓቱ የሚመለሰው ብርሃን ደግሞ ይቀንሳል። ይህን ከፍ ዝቅ እየቆጠረ የልብን ምት ያወጣል። በደረት ላይ የሚታሰረው ቀበቶ ከዚህ ይለያል፤ እሱ ከልብ የሚወጣውን የኤሌክትሪክ ምልክት ነው የሚይዘው፤ በሩጫ ጊዜም ይበልጥ የሚታመነው እሱ ነው። የሰዓቱ ማሰሪያ ከላላ የእግሯን አረጋገጥ ከልቧ ምት ጋር ያደባልቃል፤ በደቂቃ 175 ጊዜ ብትረግጥ ልቧ 175 ጊዜ መታ ብሎ ይጽፋል። ርቀቱን የሚነግራት በሃያ ሺህ ኪሎ ሜትር ከፍታ ላይ ከሚዞሩ ሳተላይቶች በሚመጣ ምልክት ነው። ምልክቱ ደካማ ስለሆነ ከቡናው በላይ ያለው ጥላ ዛፍ ያዳክመዋል። በዚህ የተነሣ ልጄ ቀጥ ባለ መንገድ ሮጣ ስትመጣ ካርታው ላይ የሰከረ ሰው የሄደበት የሚመስል መስመር ይወጣል።

ከዚህ ሁሉ ያሳቀን ግን የቀን መቁጠሪያው ነው። ልጄ የትውልድ ዘመኗን ስታስገባ በእኛ አቆጣጠር አስገባችው። ሰዓቱ የፈረንጁን ዘመን ነው የሚያውቀው፤ በእሱ ዓይን የስምንት ዓመት ያህል ትልቅ ሴት ሆነች። የልብን የመጨረሻ አቅም በብዛት የሚገምቱት ከ220 ላይ ዕድሜን በመቀነስ ስለሆነ፣ በአሥራ ስድስት ዓመቷ 204 መሆን የነበረበት 196 ሆነ። ያ ደንብ ራሱ ግምት ነው፤ እኩያ የሆኑ ሁለት ሰዎች እንኳ በብዙ ምት ሊለያዩ ይችላሉ። ወር ሙሉ «ከአቅምሽ በላይ እየሮጥሽ ነው» እያለ ሲያስፈራራት ከርሞ ኋላ ነው የታወቀው። እርጥበት በበዛበት ሳምንት ደግሞ ልብ በሙቀቱ ምክንያት ይበልጥ ስለሚመታ «ብቃትሽ ቀንሷል» ይላታል። አንድ ቀን ከሩጫ ተመልሳ ቁርሷን ሳትበላ ስታለቅስ አገኘኋት። ምን ሆንሽ ብላት ሰዓቱን አሳየችኝ። ከዚያ በፊት ከሩጫ መልስ ያለቀሰችበትን ቀን አላስታውስም።

ባለቤቴ ሰዓቱን አንድ ቀን ለጨዋታ አጥልቃው ቡና ቆላች። ምጣዱን እያወዛወዘች ከአንድ ቦታ ሳትነሳ አራት መቶ እርምጃ ሄድሽ አላት! ሰዓቱ እርምጃን የሚቆጥረው ከእጅ ውዝዋዜ ነውና። ይህ ያስቃል። እኔ ግን ከሳቁ በኋላ ወደ መጋዘኔ ስሄድ ኩሊዎቹን አየኋቸው። አምስት ፈረሱላ፣ ማለት 85 ኪሎ፣ ጆንያ በጀርባው ተሸክሞ ሁለት እጁን ወደ ኋላ አጥፎ የጨበጠ ሰው እጁ አይወዛወዝም። ያ ሰዓት ቢታሰርለት ኖሮ ከግማሽ በላይ ልፋቱ ሳይመዘገብለት ይቀር ነበር። ከጫካ እንጨት ተሸክመው የሚመጡት እናቶችም እንደዚያው ናቸው። መሣሪያ የሚቆጥረው ሠሪው ያሰበለትን ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ2020 በአሜሪካ የታተመ አንድ የታወቀ ጥናት በጣት ላይ ተደርጎ የደምን ኦክስጅን የሚለካው መሣሪያ በጥቁር ሕሙማን ላይ ከነጮቹ በሦስት እጥፍ ገደማ የሚበልጥ ጊዜ የኦክስጅንን ማነስ ሳያሳይ እንደሚያልፍ አረጋግጧል። እሱም በብርሃን የሚሠራ ነው።

እስካሁን ያወራሁት ስለ መሣሪያው ጉድለት ነው። ጉድለት ያለበትን ሚዛን ሰው አውቆት ሊገለገልበት ይችላል። እንቅልፍ የነሳኝ ግን ሰዓቱ አንድም ሳይሳሳት እውነቱን የተናገረበት ሌሊት ነው።

ወንድሜ ሰዓቱን ሲልክ ስልክም አብሮ ልኮላት ነበር። መዝገቡን የከፈተላት በራሱ ስም ስለሆነ ልጄ የምትሮጥበት መንገድ፣ የምትተኛበትና የምትነሳበት ሰዓት፣ የልቧ ምት ሁሉ እሱ ስልክ ላይም ይታያል። ይህን ስናደርግ ማናችንም ክፉ አላሰብንም። እንዲያውም ወንድሜ «ከሩቅ ሆኜ እያሠለጠንኳት ነው» እያለ ይደሰት ነበር። እሷ ይህን ምን ያህል እንደምታውቅ የጠየቃት ሰው የለም።

አንድ ማለዳ ለሱብሒ ተነስቼ ስልኬን ስከፍት ከወንድሜ በዋትስአፕ መልእክት አገኘሁ። «ጋሼ፣ ልጅቷ ደህና ናት ወይ? ከሌሊቱ 8 ሰዓት ላይ ተነስታ ስትራመድ ነበር፤ ልቧም ከወትሮው በጣም ይመታ ነበር» ይላል። ተኝታ ሳለች የልቧ ምት ብዙውን ጊዜ ከ56 አይበልጥም፤ ያን ሌሊት 98 ደርሷል።

ውድ አንባቢያን፣ የሴት ልጅ አባት የሆናችሁ ከሌሊቱ 8 ሰዓት፣ እርምጃ፣ የሚመታ ልብ የሚሉትን ሦስት ነገሮች አንድ ላይ ስታዩ ምን እንደሚታሰባችሁ አልነግራችሁም። እኔ ታስቦኛል። ሶላቴን እንዴት እንደሰገድኩ አላውቅም። ከመስገጃው ስነሳ ቀጥታ ወደ እሷ ሄድኩ።

«ሌሊት የት ነበርሽ?» አልኳት።

«እዚሁ ነበርኩ፣ አባዬ።»

«እዚሁ? ሰዓቱ ሌላ ነው የሚለው።»

መልስ አልሰጠችኝም። ሰዓቱን ከእጇ ፈታችና ምንጣፉ ላይ አስቀመጠችው። በዚህ መካከል እናቷ ምን ተፈጠረ ብላ ገብታ እጇን ያዘችና «አንተ ሰው፣ ይቺ ልጅ እኮ እሳት ሆናለች!» አለችኝ። ሌሊቱን ሙሉ ብርድ ብርድ ሲላት፣ ሲያስመልሳት፣ ወደ ጓሮ ስትመላለስ አድራለች። እኛን ላለመቀስቀስ ብላ በጨለማ ግድግዳ እየዳበሰች ነው የወጣችው። ጤና ጣቢያ ወሰድናት፤ ደሟ ሲመረመር ወባ ተገኘባት። ባለሙያው ትኩሳት በአንድ ዲግሪ ሲጨምር የልብ ምት በደቂቃ አሥር ያህል እንደሚጨምር ነገረኝ።

ሰዓቱ 98 አለ፤ 98 ነበር። ተራመደች አለ፤ ተራምዳለች። ከ98 ተነስቶ «የት ነበርሽ?» ወደሚለው የሄደው እኔ ነኝ። አውራ ጣቴን መድረኩ ላይ ያሳረፍኩት እኔ ነኝ።

ከዚያ ወዲህ ሱረቱል ሑጁራትን ደጋግሜ ቀርቻለሁ። አንድ አንቀጽ ውስጥ ሦስት ነገሮች ተከታትለው ይከለከላሉ፦ መጠራጠር፣ መሰለል፣ ማማት። ቅደም ተከተሉን ከዚያ በፊት አስተውዬው አላውቅም። ድሮ ሰው መጀመሪያ ይጠረጥራል፤ ጥርጣሬው እንቅልፍ ሲነሳው ይሰልላል። በእኛ ቤት ግን ነገሩ ተገለበጠ። ስለላው አስቀድሞ ነበር፤ ማንም ስለላ ብሎ ሳይጠራው፣ በስጦታ መልክ፣ በጥሩ ኒያ ገብቶ ተቀምጦ ነበር። ጥርጣሬውን የወለደው እሱ ነው። መረጃው ባይኖር ኖሮ በልጄ ላይ ያን መሰል ሐሳብ በዘመኔ ባልታሰበኝ ነበር።

ስለ ኸሊፋው ዑመር (ረ.ዐ.) የሚተረክ አንድ ታሪክ አለ፤ ብዙዎቻችሁ ሰምታችሁታል። በሌሊት ከተማዋን ሲቃኙ ከአንድ ቤት ድምፅ ሰምተው በግንቡ ዘለው ገቡና ሰውየውን ከጥፋት ላይ ያዙት። ሰውየውም እኔ አንድ ባጠፋ እርስዎ ሦስት አጥፍተዋል፤ ሰልለዋል፣ በበሩ አልገቡም፣ ሰላምታ አላቀረቡም አላቸው። ዑመርም ትተውት ሄዱ። ይህን ታሪክ ስሰማ ሁልጊዜ የሚገርመኝ የሰውየው ድፍረት ነበር። አሁን የሚገርመኝ ሌላ ነው። ሰውየው በእርግጥ ጥፋተኛ ነበር፤ የታየው እውነት ነበር። እንዲያም ሆኖ እውነቱ የተገኘበት መንገድ ኸሊፋውን አሳፈራቸው። እኔ ዘንድ ደግሞ ልጄ ጥፋት እንኳ አልነበረባትም።

ይሁን እንጂ ነገሩን እዚህ ላይ ብተወው ሐቀኛ አልሆንም። ማታውኑ ወንድሜን ደውዬ ተቆጣሁት። መዝገቡን ዝጋ፣ ሁለተኛ የልጄን ሌሊት እንዳትቆጥር አልኩት። ዝም ብሎ አዳመጠኝና «ጋሼ፣ ባልነግርህ ኖሮስ?» አለኝ። የምመልሰው አጣሁ። ልጄ እንደሆነ ታማለሁ ብላ የምትናገር አይደለችም፤ በነጋታው ውድድር ስለነበረባት ትኩሳቷን ደብቃ ልትሮጥ አስባ እንደነበር ኋላ ለእናቷ ነግራታለች። በወባ ትኩሳት ላይ ሆኖ መሮጥ ምን ሊያስከትል እንደሚችል የእኛ አካባቢ ሰው አይነገረውም። እንግዲህ ያ የሚያሳፍር መልእክት ልጄን አድኗታል ማለት ይቻላል። ደግሞስ ሁላችንም እረኞች እንደሆንን፣ ስለ መንጋችንም እንደምንጠየቅ በሐዲስ ተነግሮን የለም? መንጋውን የማያይ ምን እረኛ ነው?

ብዙ ቀን አሰላሰልኩት። በጠባቂና በሰላይ መካከል ያለው ልዩነት ምንድን ነው? በመጀመሪያ የመጣልኝ መልስ ኒያ ነው የሚል ነበር፤ ጠባቂ ደግ ያስባል፣ ሰላይ ክፉ። ግን አላረካኝም። ያን ማለዳ ስጮህባት ብትጠይቁኝ ኖሮ «ለእሷው ብዬ ነው» እላችሁ ነበር፤ ምዬም አረጋግጥላችሁ ነበር። ኋላ የመጣልኝ ሌላ ነው። ልጄ ለአቅመ ሔዋን ከደረሰች ቆይታለች፤ ሶላቷም ጾሟም ከእኔ ትከሻ ወርዶ የራሷ ሆኗል። በእኛ እምነት የእያንዳንዱ ሰው ሥራ ይመዘገባል፤ ይህን የሚጠራጠር ሙስሊም የለም። ግን መዝገቡ ለማን ነው የሚሰጠው? በሱረቱል ኢስራእ እንደተነገረን መጽሐፉ ተዘርግቶ የሚቀርበው ለባለቤቱ ነው፤ አንብበው የሚባለውም ባለቤቱ ራሱ ነው። መዝጋቢዎቹ መላእክት የአንዱን መዝገብ ለጎረቤቱ፣ ለአጎቱ፣ ለአባቱ ሲያሳዩ አልተነገረንም። አላህ (ሱ.ወ.) ሁሉን እያየ የባሪያውን ነውር የሚሸፍን ጌታ ነው። እኛ ጥቂት እናያለን፣ ያየነውንም መሸፈን አንችልም።

ስለዚህ ሰውነቷ አማና ከሆነ በመጀመሪያ በእሷ እጅ የተቀመጠ አማና ነው። ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ.) ሌሊቱን በሶላት፣ ቀኑን በጾም ያሳልፍ ለነበረው ወጣት ሶሓባ ሰውነትህ በአንተ ላይ ሐቅ አለው ብለው ሲመክሩት ሐቁን የሚያስጠብቅ ሌላ ሰው አልሾሙበትም፤ ለራሱ ነው የነገሩት። ልጄም ሰዓቱን እንድታነብና ሲያማት እንድትናገር ማስተማር የእኔ ግዴታ ነበር። እሷን ዘልዬ መዝገቧን ማንበቤ ግን ግዴታዬን ከመወጣት ይልቅ ከግዴታዬ ያሳረፈኝ ይመስለኛል። ሰዓቱ ስለሚያይልኝ እኔ ማየት ትቼ ነበር። ፊቷ ከሁለት ቀን በፊት ጀምሮ ገርጥቶ እንደነበር እናቷ ናት ያስታወሰችኝ።

ሌላም አለ። ቁጥሮቹን የሚያየው ወንድሜ ብቻ አይደለም፤ የሚከማቹት በድርጅቶች ኮምፒዩተር ላይ ነው። ስትራቫ የሚባለው ድርጅት የተጠቃሚዎቹን የሩጫ መንገድ ሁሉ ሰብስቦ በዓለም ካርታ ላይ አሳትሞ ነበር። እ.ኤ.አ. በጥር ወር 2018 ሰዎች ካርታውን ሲመረምሩ በበረሃ መካከል የሚያበሩ መስመሮች አገኙ፤ ወታደሮች በካምፓቸው ዙሪያ የሮጡበት ነበር። የእኛ ሰፈር ወታደራዊ ሚስጥር የለበትም። ነገር ግን አንዲት የአሥራ ስድስት ዓመት ልጅ በየማለዳው በስንት ሰዓት፣ በየትኛው ጭር ያለ መንገድ ብቻዋን እንደምታልፍ ከዚያ የበለጠ ሚስጥር ለእኔ የለም። ይህን ያህል የተገነዘብኩት ሰዓቱ ቤታችን ከገባ ከስድስት ወር በኋላ ነው፤ አላህ ጠበቃት እንጂ የእኔ ጥበቃ አልነበረም። ቤታችሁ እንዲህ ያለ ሰዓት ካለ ካርታው ለማን እንደሚታይ ዛሬውኑ ልጆቻችሁን ጠይቁ።

ሩጫውን በተመለከተ ደግሞ መሣሪያው አይጠቅምም አልልም። ዓለም አቀፉ የአትሌቲክስ ደንብም ሯጭ በውድድር ላይ የልብ ምትና የፍጥነት መለኪያ እንዲያደርግ ይፈቅዳል፤ የሚከለክለው በመሣሪያው ከሌላ ሰው ጋር መነጋገርን ነው። ይህ ድንበር ደስ ይለኛል፤ ለራስህ እወቅ፣ ከውጭ ግን አትመራ እንደማለት ነው። በመም ላይ ሯጩን በብርሃን የሚመራ መሣሪያም መጥቷል። ለተሰንበት ግደይ እ.ኤ.አ. በ2020 በቫሌንሲያ የ5,000 ሜትርን ክብረ ወሰን በ14 ደቂቃ ከ06.62 ሰከንድ ስትሰብር ከጎኗ የሚሮጠው ብርሃን አብሯት ነበር። የሮጠው ግን የእሷ እግር ነው።

ለልጄ ብዙ ጊዜ የምነግራት ስለ ኃይሌ ገብረ ሥላሴ ክንድ ነው። በልጅነቱ ደብተሩን በግራ እጁ አቅፎ አሥር ኪሎ ሜትር ወደ ትምህርት ቤት ይሮጥ ስለነበር ትልቅ ሰው ሆኖ፣ የዓለም ሻምፒዮን ሆኖም፣ ግራ ክንዱ ደብተር እንደያዘ ታጥፎ ነው የሚሮጠው። የዛሬዎቹ መሣሪያዎች የግራና የቀኝ ሚዛንን ይለካሉ፤ ኃይሌን ቢያገኙት «ጉድለት» ብለው በቀይ ይጽፉበት ነበር። አዳማ የተወለደችው ሲፋን ሐሰንም እ.ኤ.አ. ሚያዝያ 23 ቀን 2023፣ ረመዷን በወጣ በቀናት ውስጥ፣ በለንደን የመጀመሪያ ማራቶኗን ስትሮጥ ወገቧ አካባቢ አሟት ቆመች። መሪዎቹ ጥለዋት ሲሄዱ እሷ ሰውነቷን እያፍታታች ነበር። በዚያች ደቂቃ ማንኛውም መሣሪያ አበቃላት ይላል። ደርሳባቸው አሸነፈች፤ 2 ሰዓት ከ18 ደቂቃ ከ33 ሰከንድ። በቀጣዩ ዓመት በፓሪስ ኦሎምፒክ ትዕግስት አሰፋን በሦስት ሰከንድ ቀድማ ወርቅ ወስዳ ሒጃቧን አድርጋ ከመድረኩ ላይ ስትቆም ልጄ ቴሌቪዥኑን ልትሰብረው ነበር!

ከዚህ ሁሉ ግን እኔን የሚማርከኝ የሰለማ ኢብኑል አክወዕ (ረ.ዐ.) ታሪክ ነው። በእግሩ ሩጫ የታወቀው ይህ ሶሓባ ከዘመቻ ሲመለሱ አንድ የአንሷር ሰው እስከ መዲና የሚሽቀዳደመኝ አለ ወይ እያለ ሲጣራ ሰማ። ነቢዩን (ሰ.ዐ.ወ.) አስፈቅዶ ከግመላቸው ላይ ዘሎ ወረደ። አንድ ሁለት ጉብታ እስኪያልፉ ትንፋሹን ለመቆጠብ ራሱን ገታ፣ ከዚያ ለቀቀና ደረሰበት፤ ቀድሞትም መዲና ገባ። ሙስሊም በዘገቡት ሐዲስ ውስጥ ያቺ ትንፋሽን የመቆጠብ ነገር መጠቀሷ ይገርመኛል። የዛሬ አሠልጣኝ በሰዓትና በቀበቶ የሚያስተምረውን እሱ ከራሱ ደረት ነው የሰማው። እንዲያ መስማት ግን ይለመዳል፤ ካልተለመደም ይጠፋል። ልጄ ሰዓቱ ከመጣ ወዲህ «ደከመሽ ወይ?» ስትባል አንጓዋን ሳታይ አትመልስም ነበር።

ከተሻላት በኋላ ይቅርታ ጠየቅኳት። ለአባት ቀላል አይደለም፤ ግን ጠየቅኳት። ከዚያም ሦስታችን ተቀምጠን ተነጋገርን፤ ወንድሜም በስልክ ነበር። ሕጉን ያወጣችው እሷ ናት። መዝገቡ በራሷ ስም ተዛወረ፤ ካርታው ተዘጋ። ማታ ሰዓቱ ይፈታል፤ ሲያማት ለእናቷ ልትናገር ቃል ገባች። «ለአጎቴ ግን እርምጃዬን ይይ፣ ደስ ስለሚለው» አለች። ወንድሜ ትንሽ ቅር ብሎት ነበር፤ ተቀበለ።

ባለፈው ቅዳሜ ከሱብሒ በኋላ ወጥታ ረፍዶ ተመለሰች፤ ጭቃው እስከ ጉልበቷ ደርሷል። በረንዳ ላይ ጀንፈል እያገላበጥኩ ነበርና «ስንት ኪሎ ሜትር ሆነ?» አልኳት ከልማድ።

«አላውቅም፣ ሰዓቱን እኮ ቤት ረስቼው ነው የሄድኩት» አለች ትንፋሿ እየተቆራረጠ። «ግን ዳገቱን ዛሬ ሳልቆም ወጣሁት፣ አባዬ።»

ከውስጥ የምጣድ ድምፅና የቡና ሽታ ይመጣል። ስልኬ ጮኸ፤ ወንድሜ ነው። «ጋሼ፣ ዛሬ አራት መቶ እርምጃ ብቻ ነው የሚያሳየኝ። ልጅቷ ታመመች እንዴ?»

ስልኩን ለእሷ አቀበልኳት።